ሠላሳ ግራም ወርቅ

የቀደሙት ሠዓልያን ቀለም ሲበጠብጡና ሸራ ሲወጥሩ ዓይናቸው እስኪፈዝ መድከማቸው እንዴት ያለ የዋህነት እንደ ነበረ ለዓለም የገለጠው ኢጣሊያዊው ፒየሮ ማንዞኒ ነው። ይህ ሊቅ እንደ ኤውሮፓ አቆጣጠር በ1961 ዓ.ም. 90 ትንንሽ ጣሳዎች አሰናድቶ፣ በእያንዳንዱ ውስጥ 30 ግራም የገዛ ራሱ ዓይነ ምድር እንደሚገኝ በአራት ቋንቋ አስጽፎ፣ ቁጥር ሰጥቶና ፈርሞ፣ ዋጋውን በዕለቱ የወርቅ ገበያ ልክ ወሰነ። አስቀድሞ በ1917 ማርሴል ዱሻምፕ የሽንት መሽኛ ሸክላ ወደ ኒው ዮርክ ትርኢት ልኮ ነበርና፣ ጥበብ ከዕቃው ወደ ይዘቱ መሻገርዋ ተገቢ እድገት ነው።

ሰምና ወርቅ ለለመደ አንባቢ ምሥጢሩ አይረቅበትም፤ ጣሳው ሰም ነው፣ ወርቁም ከውስጥ አለ። ልዩነቱ፣ የእኛ ቅኔ ሲፈታ ይከብራል፣ ይህኛው ግን ሲከፈት ይረክሳል። የለንደኑ ቴት ቤተ መዘክር በ2000 አራተኛውን ጣሳ ከ22,000 ፓውንድ በላይ አውጥቶ የገዛው ሳያይ ማመን ብፅዕና መሆኑን ተረድቶ ይመስለኛል፤ ቶማስ በዚያ ቤት ሥራ አያገኝም።

ችግሩ፣ የማንዞኒ ወዳጅ የነበረ አንድ ሠዓሊ ከብዙ ዘመን በኋላ «ውስጡ ያለው ጀሶ ነው» ብሎ መመስከሩ ነው። ቃሉ እውነት ከሆነ ገዢዎቹ ተበድለዋል፤ በወርቅ ዋጋ ለርኩስ ነገር ከፍለው ንጹሕ ነገር ተሰጥቷቸዋልና፣ ዳኛ ፊት ቀርበው ካሣ ሊጠይቁ ይገባቸዋል። ነገር ግን ማስረጃው ሲከፈት ዋጋው ስለሚጠፋ፣ ክሱም ጣሳውም እንደ ታሸጉ ይኖራሉ።