‹ተጎጂ› ሆነው ይቅረቡልን

«ዶክመንተሪ ላይ ብቅ በሉና ለኅብረተሰቡ ግንዛቤ ፍጠሩ» ለምትሉን ባለካሜራዎች፦ ኧረ እኛ ከፈጠርን ቆየን!

ጥቅምት 1966 ዓ.ም. እንግሊዛዊው ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ ቀርጾ በአገሩ ቴሌቪዥን ቢያሳይ፣ ፈረንጅ ኪሱን ገለበጠ። እኛስ መቼ አየነው? ዓመት ሊሞላው ሲል፣ በእንቁጣጣሽ ማታ፣ መስከረም 1 ቀን 1967። ያውም ደርግ የቤተ መንግሥቱን ድግስ መሀል መሀሉ እየሰካበት። በማግሥቱ ንጉሡ በቮልስዋገን ተጭነው ሄዱ። እንጀራ ፈልጎ የተቀረጸ ወሎዬ፣ ዙፋን ገልብጦት አረፈ!

ደርግ ታዲያ ከፊልሙ የተማረው ኤዲቲንጉን ብቻ ነው። መስከረም 1977 የራሱን 10ኛ ዓመት ደግሶ፣ ወዙ ከከንፈሩ ሳይደርቅ፣ ጥቅምት ላይ የመሐመድ አሚን ካሜራና የማይክል በርክ ድምፅ የኮረምን ረሃብ ለዓለም አሳዩበት። ስንዴው መጣ፤ ነፍስ ማትረፉን የሚክድ የለም። ፈረንጅማ አልቅሶ አልወጣለት ቢል ሐምሌ ላይ «ላይቭ ኤይድ» ብሎ ዘፈነ። የቀራጩን ስም እናውቃለን፣ የተራኪውን እናውቃለን። እዚያ ሜዳ ላይ ብርድ ልብስ ተከናንቦ የተቀመጠውንስ ማን ብሎ ጠራው?

ዛሬም ያው ነው። ዳይሬክተሩ አንዲት አፋቸው የማይያዝ እማማ ቤት ገባ እንበል።

«እማማ፣ ይቺን አዲስ ነጠላ ያውልቁና በአሮጌው ይቀረጹ።»

«ለዓመት በዓል ሲቀየር አውቃለሁ። ለችግርም የክት አለው እንዴ?»

«ጀበናው ይነሳ፤ ቤቱን ሞላ ያለ አስመሰለው።»

«ድህነቴ ካነሰህ ከጎረቤት ልበደርልህ?»

«ሲያለቅሱ አልያዝነውም፤ አንዴ ይድገሙልን።»

«ወይ ልጄ! ባሌ ሲሞት እንኳ ድገሚ ያለኝ የለም።»

«ከስር ‹ተጎጂ› ብለን እንጽፋለን።»

«ለዚያ ከረባት ላሰረው ‹ዶክተር እገሌ› ብለህ የለ? እኔን ያጠመቁኝ ቄስ ተጎጂ አላሉኝም።»

«እሺ እማማ፣ አይቆጡ። ፊልሙ በትልቅ ሆቴል ነው የሚመረቀው፤ እንግዶቹ እራትም ተጋብዘዋል።»

«እንግዲያው እራቱን አስቀድሙት። እኔን ካዩ በኋላ ጥብሱ አልወርድ ይላቸዋል።»