ሞክሼ መርከቦች አይሰምጡም

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። የጦር መርከብን ስም ግን የሚያወጣው ኮሚቴ ነው፤ ኮሚቴ ደግሞ አዲስ ነገር ማሰብ ስለሚያደክመው የሟችን ስም አንሥቶ ለአራስ ይሰጣል። የዓለም ባሕር ኃይሎች በዚህ ጥበብ የደረሱበት ደረጃ ያስቀናል። መርከቧ ብትሰምጥ፣ ብትቃጠል፣ ተቆራርጣ ብትሸጥ ስሟ አንዳች አይሆንም፤ ሌላ አካል ለብሶ ይነሣል። አሜሪካኖች እስካሁን ስምንት «ኢንተርፕራይዝ» ነበሯቸው፤ ዘጠነኛዋ እየተሠራች ነው። እንግሊዞች ደግሞ ሟች እስኪሞት መጠበቅ እንኳ ሰልችቷቸው እ.ኤ.አ. በ1934 «አርክ ሮያል»ን በቁሟ ስሟን ገፈው «ፔጋሰስ» አሏት፤ ስሙ ገና ላልተሠራች መርከብ ተፈልጎ ነበር። በእነሱ ደንብ አዲሷ መርከብ የቀደሙ ሞክሼዎቿን የውጊያ ክብር ሁሉ ትወርሳለች፤ አንድ ጥይት ሳትተኩስ የመቶ ዓመት ጀግና ሆና ወደ ውኃ ትገባለች። ድሉ እንዲህ ሲወረስ ሽንፈቱ ወራሽ የለውም። ባሕር በሌለበት በወልድያ ሆኖ ስለዚህ መናደድ ሥራ መፍታት ሊመስል ይችላል። ነገር ግን ይህ አቆጣጠር ከባሕር ዳርቻ አልፎ ደጋ እንዳይወጣ የሚያግደው ነገር የለም።

እንዲያውም ባሕር ላይ ብቻ መቅረቱ ግፍ ነው። ሀብሩ ወረዳ ውስጥ፣ ከመርሳ ወጣ ብሎ፣ የክረምት ጎርፍ ከደጋው ወደ አፋር ሜዳ በሚንደረደርበት ወንዝ ላይ አንድ ድልድይ ተሠራ እንበል፤ ስሙም «ጽናት» ይሁን። በመጀመሪያው ክረምት ጎርፍ ወሰደው። የባሕር ኃይል ጥበብ ባልደረሰበት አገር ቢሆን «ድልድዩ ፈረሰ» ተብሎ ይጻፋል፣ ሥራ ተቋራጩ ይጠየቃል፣ ሲሚንቶው ይመረመራል። በሞክሼ ሥርዓት ይህ ሁሉ ጣጣ የለም። ሁለተኛው «ጽናት» ይሠራል፤ እሱም ይሄዳል፤ ሦስተኛው ይተካል። በዐሥረኛው ዓመት ሪፖርቱ «የጽናት ድልድይ ዐሥር ክረምቶችን ተቋቁሞ ኅብረተሰቡን በማገልገል ላይ ይገኛል» ይላል፤ ማንም ውሸት ነው ሊለው አይችልም፤ የዛሬ ዐሥር ዓመት «ጽናት» የሚባል ድልድይ ነበረ፣ ዛሬም አለ። በምሰሶው ላይ የናስ ሰሌዳ ይለጠፋል፤ ድልድዩ የተጋፈጣቸው ጎርፎች በዓመተ ምሕረት ተዘርዝረው ይጻፉበታል። ጎርፎቹ ድልድዩን የወሰዱት ራሳቸው መሆናቸውን ለመጻፍ ሰሌዳው ቦታ አይበቃውም። ለምረቃው ድንኳኑ ያው፣ መቀሱ ያው፣ ንግግሩም ያው ነው፤ ቀኑ ብቻ ይፋቃል። ቲማቲምና ሽንኩርት ጭኖ ወንዙ ዳር የቆመ ገበሬ «ድልድዩ የት ሄደ?» ቢል፣ «ድልድዩማ አለ፤ ለጊዜው የሌለው አካሉ ነው» ተብሎ ይመለስለታል። ቆይቶ ጎረቤት ቀበሌም ይቀናና የራሱን «ጽናት» ያቆማል። ያኔ አንደኛው ሲሰነጠቅ ሌላኛው ቀለም ይቀባል፤ የጥገናው ወጪም በትክክል «ለጽናት» ስለዋለ ኦዲተሩ አመስግኖ ይሄዳል። በመጨረሻም አንድ ብልኅ ባለሙያ ተነሥቶ ዋናውን ግኝት ያቀርባል፤ ፈራሹ ኮንክሪቱ፣ ነዋሪው ስሙ ከሆነ ኮንክሪቱን መሥራት ለምን አስፈለገ? ከዚያ ወዲያ የሀብሩ ሰው በስም ላይ ይሻገራል።

ተጋነነ የሚል ካለ ትልልቆቹ መንግሥታት በጦርነት መካከል ያደረጉትን ይመልከት። ጀርመኖች በአገራቸው ስም የተሰየመች «ዶይችላንድ» የምትባል የጦር መርከብ ነበረቻቸው። ሂትለር፣ «ጀርመን ሰመጠች» የሚል ወሬ በጠላት ሬዲዮ እንዳይሰማ ስለሰጋ፣ ስሟ እ.ኤ.አ. በ1940 «ሉትዞ» ተብሎ ተቀየረ። መርከቧን ከመጠበቅ ስሟን መጠበቅ ረክሶ ተገኘ ማለት ነው። ይሁንና «ሉትዞ» የሌላ መርከብ ስም ነበር፤ ያቺ ገና ግንባታዋ ሳያልቅ በዚያው ዓመት ለሶቪየት ኅብረት ተሸጠች። ሶቪየቶችም «ፔትሮፓቭሎቭስክ» አሏት። የዚህ ስም የቀድሞ ባለቤት እ.ኤ.አ. በ1904 ፖርት አርተር አጠገብ ፈንጂ መትቷት ከአድሚራል ማካሮቭ ጋር ሰምጣለች። ከእሷ ስሙን የወረሰችው ደግሞ በ1921 «ማራት» ተብላ ነበር፤ በ1941 በክሮንሽታት ወደብ የጀርመን አውሮፕላኖች ደብድበዋት ባሕሩ ወለል ላይ ተቀመጠች፤ በ1943 ግን የጥንት ስሟ ተመለሰላት። እንግዲህ በአንድ የሌኒንግራድ ግንባር ሁለት «ፔትሮፓቭሎቭስክ» ተገኙ፤ አንዷ ጀርመን የሠራት፣ አንዷ ጀርመን የሰበራት። ግራ መጋባቱ ያበቃው የተሸጠችው መርከብ በ1944 «ታሊን» ተብላ ሌላ ስም ሲሰጣት ነው። ይህን ሁሉ በልቡ ይዞ የመርከቦቹን ታሪክ በትክክል የሚተርክ ሰው ቢገኝ ኒሻን የሚገባው ለእሱ ነው።

ስም ያስታውሳል ይሉናል፤ ስም እንደሚያስረሳም የባልቲሞሯ «ኮንስቴሌሽን» ትመስክር። የ1797ቷ ፍሪጌት እ.ኤ.አ. በ1853 ተበታትናለች፤ ሞክሼዋ ደግሞ በ1854 ተሠራች። ሰዎች ሁለተኛዋን አንደኛዋ ናት ብለው ለአሥርተ ዓመታት አስጎበኙ፤ ውሸቱ እንዲመስል አካሏን ሳይቀር በፊተኛይቱ አምሳል ለወጡት። ነገሩ ጠርቶ የወጣው በ1990ዎቹ ነው።

ጠንካራ ተቃውሞ እንዳለ አልክድም። አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1942 በኮራል ባሕር ውጊያ «ሌክሲንግተን»ን ስታጣ፣ መርከቧን የሠሩት የኩዊንሲ ሠራተኞች በእጃቸው ላይ የነበረችው «ካቦት» የሰመጠችውን ስም እንድትይዝ ጠየቁ፤ ተፈቀደላቸውም። ይህ የኮሚቴ ስንፍና አልነበረም፤ ኀዘንና እልህ ነበር። መርከበኛም ከእሱ በፊት የሞቱትን እያሰበ ቢዋጋ የሚነቅፈው የለም። የእኔ ክርክር ሒሳቡ ላይ ነው፤ ሁለተኛዋ ሌክሲንግተን የመጀመሪያዋን ሙታን ታስብ፣ አትሰርዝ። ሙት ማሰብና ሙት መካድ አንድ አይደሉም። ስሙን እያወረሱ አሟሟቱን መደበቅ ማጭበርበር ነው፤ ሌላ ስም የለውም።

በዚህ ረገድ ወሎ ለዓለም የምታስተምረው አላት። አፄ ቴዎድሮስ ጋፋት ላይ ያስቀለጡት 7 ቶን ገደማ የሚመዝን መድፍ «ሴባስቶፖል» ተባለ፤ የክራይሚያዋ ከተማ ስም ነው፤ ሩሲያኖችም ይህንኑ ስም ከጦር መርከብ ወደ ጦር መርከብ ሲያዛውሩ ኖረዋል። አንደኛዋን «ሴቫስቶፖል» እ.ኤ.አ. በ1905 ፖርት አርተር ላይ ራሳቸው አሰመጧት፤ ተተኪዋን በ1921 «የፓሪስ ኮሙን» አሏት፤ በ1943 ደግሞ መለሱላት። የእኛው ሴባስቶፖል ግን ከደብረ ታቦር ተጎትቶ መቅደላ ወጣ፤ እ.ኤ.አ. በ1868 ጌታውን አላዳነም፤ ዛሬም እዚያው ነው። አዲስ አበባ ቴዎድሮስ አደባባይ የቆመውን ማንም ቅጂ ነው ይላል እንጂ ከመቅደላ ወረደ አይልም። ስሙ ዝናውንም ሽንፈቱንም ይዞ የኖረው አካሉ ስላልተለወጠበት ነው።

ይህን ሁሉ የምለው ተራችን እየደረሰ ስለመሰለኝ ነው። የንጉሠ ነገሥቱ ባሕር ኃይል እ.ኤ.አ. በ1962 «ኦርካ» የተባለችውን የአሜሪካ መርከብ ተረክቦ «ኢትዮጵያ» አላት፤ የሥልጠናና ዋና መርከቡ ነበረች። ሂትለር የፈራውን እኛ ሳንፈራ አደረግነው፤ የመጣውንም ተቀበልን። እ.ኤ.አ. በ1991 «ኢትዮጵያ» ወደ የመን ሸሸች፤ በ1993 ለቁርጥራጭ ብረት ተሸጠች፤ በ1996 ባሕር ኃይሉ ራሱ ፈረሰ። እ.ኤ.አ. በ2018 እንደገና ይቋቋማል ተባለ፤ በመጋቢት 2019ም፣ ፕሬዚዳንት ማክሮን ላሊበላን በጎበኙበት ጉዞ፣ ከፈረንሳይ ጋር ስምምነት ተፈርሟል። መርከቡ ሲገኝ ስሙን የሚመርጠው ኮሚቴ እጁ ወዴት እንደሚሄድ ለመገመት ነቢይ መሆን አያስፈልግም።

ይሰይሙ። ግን ሁለት ነገር ያድርጉ። የመጀመሪያዋን ዕድሜ ለአዲሷ አይደምሩላት፤ የአገልግሎት ዘመኗን ከራሷ ቀን ይቁጠሩ። በአዲሷ ሰሌዳ ላይ ደግሞ ከስሟ ሥር የፊተኛይቱ መጨረሻ በግልጽ ይጻፍ፦ የት ሸሸች፣ መቼ ተሸጠች፣ ባሕር ኃይሉ ለምን ፈረሰ። ይህን ለመጻፍ የሚያፍር ሁሉ ሌላ ስም ይፈልግ።